የኢትዮጵያን ንጉሥ ሆኖ የተጫወተው ሰው፤ የውዲ ስትሮድ የሕይወት ታሪክ

በትንሣኤ በዓል ዕለት ከምሳ በኋላ ጎረቤታችን ቤት ተሰብስበን ሳለ፥ የነቢዩ ሙሴን ታሪክ የሚያሳይ ረጅም ፊልም በቴሌቪዥን ይታይ ነበር። የሸዋ ሮቢትን የሚያዝያ ሙቀት የሚያውቅ ሰው በዚያ ሰዓት ከጥላ መውጣት እንዴት እንደሚከብድ አይስተውም። ስለዚህ ሽማግሌውም ሕፃኑም ከተቀመጠበት ሳይነሣ ይመለከት ነበር። ፊልሙ ገና ሳይጋመስ፥ ሙሴ የግብፅ የጦር አለቃ ሳለ የኢትዮጵያን ንጉሥ ወደ ፈርዖን አደባባይ ይዞት ሲገባ ታየ። ንጉሡ ቁመቱ የረዘመ፥ ትከሻው የሰፋ፥ አቋቋሙም እንደ ዋርካ የጸና ነው። አያቴ ይህን ባዩ ጊዜ፥ ይህ ሰው የማን ልጅ ነው፥ አገሩስ ወዴት ነው ብለው ጠየቁ። ከመካከላችን የሚመልስላቸው አልተገኘም። ንጉሡም ለጥቂት ደቂቃ ታይቶ ከፊልሙ ወጣ፤ እኛም ቡናችንን ጠጥተን ወደየቤታችን ገባን።

የአያቴ ጥያቄ ግን ከልቤ አልወጣም። ከጥቂት ጊዜ በኋላ መልሱን አገኘሁት። ሰውዬው ኢትዮጵያዊ አልነበረም፤ ስሙ ውዲ ስትሮድ ይባላል፥ አገሩም አሜሪካ ነው። ከኀምሳ ዓመት በላይ በሲኒማና በቴሌቪዥን ሲሠራ ኖሮ፥ ስሙ በሲኒማ ቤት በር ላይ በትልቁ የተጻፈበት ጊዜ እጅግ ጥቂት ነው። ፊቱን ብዙ ሰው ያውቀዋል፤ ስሙን የሚያውቀው ግን ጥቂት ነው። ስለ ነገሥታትና ስለ ጀግኖች መጻፍ ሲቻል ስለ እንደዚህ ያለ ሰው መጻፍ ምን ይጠቅማል የሚል አንባቢ ቢኖር፥ እስከ መጨረሻው በትዕግሥት እንዲከተለኝ እለምናለሁ። በዚህ ጽሑፍ ያሉት ዓመታት ሁሉ በአውሮፓውያን አቈጣጠር የተጻፉ ናቸው።

ልደቱና ትምህርቱ

ውዲ ስትሮድ በ1914 ዓ.ም. በጁላይ 25 ቀን በካሊፎርኒያ ግዛት በሎስ አንጀለስ ከተማ ተወለደ። ወላጆቹ ከደቡብ፥ ከኒው ኦርሊንስ የመጡ ነበሩ፤ አባቱም ግንበኛ ነበረ። የዘር ሐረጉ በአንድ ወገን ከአፍሪካ በባርነት ከተወሰዱት፥ በሌላ ወገን ደግሞ ከአሜሪካ ነባር ሕዝቦች የሚመዘዝ ነው። ወላጆቹ ውድሮ ዊልሰን ብለው የሰየሙት በዚያን ጊዜ በነበረው የአሜሪካ ፕሬዚዳንት ስም ነው። ውዲ የሚለው ስም የዚህ ማሳጠሪያ ነው። የሚያሳዝነው ነገር፥ በዚያው ፕሬዚዳንት ዘመን በመንግሥት መሥሪያ ቤቶች ጥቁርና ነጭ ሠራተኞች ተለይተው እንዲቀመጡ መደረጉ ነው። እንግዲህ ልጁ የተሸከመው ስም በሩን የዘጋበት ሰው ስም ነበረ ለማለት ይቻላል።

ውዲ ካደገ በኋላ ቁመቱ አንድ ሜትር ከዘጠና ሦስት ሴንቲሜትር ያህል ሆነ፤ ጉልበቱም ከቁመቱ የሚያንስ አልነበረም። ሁለተኛ ደረጃ ትምህርቱን ጨርሶ በሎስ አንጀለስ ወደሚገኘው የካሊፎርኒያ ዩኒቨርሲቲ ገባና በአሎሎ ውርወራ፥ በከፍታ ዝላይ፥ እንዲሁም ዐሥር ዓይነት ስፖርት አንድ ላይ በሚፈተንበት ውድድር ስሙን አስጠራ። የሰውነቱ አሠራር ያማረ ስለ ነበረ፥ ሁበርት ስቶዊትስ የተባለ አሜሪካዊ ሠዓሊ የአሜሪካን ስፖርተኞች በሣለባቸው ሥዕሎች መካከል የእርሱንም ሥዕል አኖረ። ሥዕሎቹም በ1936 ዓ.ም. የኦሊምፒክ ጨዋታ በተደረገበት በበርሊን ከተማ ለሕዝብ ታዩ፤ ነገር ግን ከሥዕሎቹ መካከል የጥቁሮችና የአይሁድ ስፖርተኞች ሥዕል በመኖሩ የሂትለር ሰዎች ትርኢቱን ዘጉት። ያ ዓመት ለእኛ አገር የማይጨው ዓመት መሆኑን ልብ ይሏል። ሰውን በቆዳው ቀለም የሚመዝነው ያ አስተሳሰብ በእኛ ተራራ ላይ መርዝ ሲያዘንብ፥ በበርሊን ደግሞ ሥዕል ከግድግዳ ላይ ያወርድ ነበር።

በኳስ ሜዳ

ስትሮድ ከሁሉ ይልቅ የታወቀው በአሜሪካ እግር ኳስ ነው። ይህ ጨዋታ በስም እግር ኳስ ይባል እንጂ ከእኛ ጨዋታ ልዩ ነው፤ ኳሱ ጫፍና ጫፉ የሾለ ሲሆን፥ ተጫዋቾቹ በእጃቸው ይዘውት ይሮጣሉ፥ እየተጋፉም ይጣጣላሉ። በ1939 ዓ.ም. በዩኒቨርሲቲው ቡድን ውስጥ ውዲ ስትሮድ፥ ኬኒ ዋሽንግተንና ጃኪ ሮቢንሰን አብረው ተሰለፉ። በዚያ ዘመን ይህን ያህል ጥቁር ተጫዋቾች በአንድ ትልቅ ቡድን ውስጥ ማየት ያልተለመደ ነበረ። ቡድኑም በዚያ ዓመት አንድ ጊዜ እንኳ ሳይሸነፍ ጨረሰ።

ይሁን እንጂ ተማሪ ሆነው ሲጫወቱ ያጨበጨበላቸው ሕዝብ፥ ትምህርታቸውን ሲጨርሱ የእንጀራቸውን በር አልከፈተላቸውም። ከ1934 እስከ 1945 ዓ.ም. በአሜሪካ ትልቁ የእግር ኳስ ማኅበር ውስጥ አንድም ጥቁር ተጫዋች አልተሰለፈም። ይህን የሚያዝዝ የተጻፈ ሕግ አልነበረም፤ የቡድን ባለቤቶች ግን በልማድ ይጠብቁት ነበር። በመካከሉም ሁለተኛው የዓለም ጦርነት መጣና ስትሮድ በአሜሪካ የአየር ጦር ውስጥ ገብቶ አገለገለ፤ በፓሲፊክ ደሴቶችም ቦምብ በማራገፍ ሥራ ላይ ተመደበ።

ከጦርነቱ በኋላ በ1946 ዓ.ም. ራምስ የተባለው ቡድን ከክሊቭላንድ ወደ ሎስ አንጀለስ ተዛወረ፤ በከተማይቱ ትልቅ ስታዲዮምም ለመጫወት ጠየቀ። ስታዲዮሙ የሕዝብ ገንዘብ ስለ ሆነ፥ የጥቁሮች ጋዜጠኞች ተነሥተው፥ ጥቁር ተጫዋች የማይቀበል ቡድን በሕዝብ ሜዳ ሊጫወት አይገባውም ብለው ተከራከሩ። በዚህ ምክንያት ቡድኑ መጀመሪያ ኬኒ ዋሽንግተንን፥ ጥቂት ቈይቶም ውዲ ስትሮድን አስፈረመ። ጃኪ ሮቢንሰን በትልቁ የቤዝቦል ማኅበር በመሰለፍ በዓለም የታወቀው በ1947 ዓ.ም. ነው፤ ሁለቱ ጓደኞቹ በእግር ኳስ በሩን የከፈቱት ግን ከእርሱ አንድ ዓመት ቀድመው ነው። ዛሬ የሮቢንሰንን ስም ዓለም ሲያውቀው የእነርሱን የሚያስታውሰው ጥቂት ነው።

ስትሮድ በዚያ ጊዜ ዕድሜው ሠላሳ ሁለት ዓመት ሆኖት ነበር፤ ለስፖርተኛ ማለፊያው ወቅት አልፎበታል። እምብዛም ሳያጫውቱት አንድ ዓመት ብቻ ቆይቶ ተሰናበተ። እርሱ በኋላ ስለዚህ ሲናገር፥ የተሰናበተው በጨዋታው ድክመት ሳይሆን፥ ሉአና የምትባል የሃዋይ ተወላጅ በማግባቱና በኑሮው ምክንያት እንደ ሆነ ያምን ነበር። ከዚያም ወደ ካናዳ ሄዶ ለካልጋሪ ከተማ ቡድን ተሰለፈ። በ1948 ዓ.ም. ቡድኑ ሳይሸነፍ ለዋንጫ ደረሰ፤ በፍጻሜውም ጨዋታ ስትሮድ መሬት ላይ የወደቀውን ኳስ አንሥቶ በመሮጥ ለአሸናፊው ነጥብ መንገዱን ከፈተ። ልብ ብለን ብናየው፥ እዚህም ላይ ነጥቡን ያስቈጠረው ሌላ ሰው ነው።

ወደ ሲኒማ

ስትሮድ በፊልም ውስጥ የታየው ገና በ1941 ዓ.ም. ነበረ፤ ይኸውም በጣም ትንሽ ክፍል ነው። ኳሱን ከተወ በኋላ በትግል ውድድር እየተዘዋወረ ይኖር ነበር። በዚያ ጊዜ የነበሩ የሆሊዉድ ሰዎች እንደ እርሱ ያለ ቁመናና ጉልበት ያለው ጥቁር ሰው ሲያዩ የሚታያቸው አንድ ነገር ብቻ ነበረ፤ ጦር ይዞ በጫካ የሚቆም ሰው። በ1951 ዓ.ም. ስለ አንበሳ አዳኞች በተሠራ ፊልም ውስጥ ራሱን ተላጭቶ ተጫወተ፤ የተላጨው ራሱም ከዚያ ወዲህ እስከ ዕድሜው መጨረሻ ድረስ መታወቂያው ሆነ። ወዲያውም ራማር በተባለው የቴሌቪዥን ተከታታይ ታሪክ ውስጥ በልዩ ልዩ ክፍል ታየ። ታሪኩ በአፍሪካ የሆነ ይመስላል፤ አፍሪካዊ ሰው ቢያየው ግን አገሩን አያውቀውም።

በ1952 ዓ.ም. የተሰጠው ክፍል ደግሞ ከሁሉ የሚገርም ነው። የአንድሮክለስን ተረት ሁላችሁም ታውቁታላችሁ፤ ባሪያው ከአንበሳው መዳፍ እሾህ ያወጣለታል፥ አንበሳውም በኋላ በአደባባይ ሲገናኙ ሊበላው ሲገባ ያውቀዋል። በርናርድ ሾው ይህን ተረት ቴያትር አድርጎት ነበር፤ ቴያትሩ ወደ ፊልም ሲለወጥ አንበሳውን የተጫወተው ውዲ ስትሮድ ነው። የአንበሳ ቆዳ ለብሶ፥ ፊቱ ሳይታይ፥ ድምፁ ሳይሰማ ሠራ። አንድ ተዋናይ ከዚህ የሚያንስ ምን ክፍል ሊሰጠው ይችላል? ቢሆንም ሠራው።

በ1956 ዓ.ም. ዐሥርቱ ትእዛዛት የተባለው የሴሲል ደሚል ትልቅ ፊልም ወጣ። አያቴ ያዩት ይህንኑ ነው። በኦሪት ዘኍልቍ በምዕራፍ 12 ሙሴ ኢትዮጵያዊት ሴት እንዳገባ ተጽፎ እናነባለን። ዮሴፍ ወልደ ኮርዮን የሚባለው ሳይሆን፥ ዮሴፉስ የተባለው የመጀመሪያው መቶ ዓመት የአይሁድ ታሪክ ጸሐፊ ደግሞ ሙሴ የግብፅን ጦር መርቶ ወደ ኢትዮጵያ ዘምቶ እንደ ነበረ ይተርካል። የፊልሙ ሠሪዎች ይህን ይዘው፥ ሙሴ ኢትዮጵያን እንደ ምርኮኛ ሳይሆን እንደ ወዳጅ አድርጎ ወደ ፈርዖን ሲያቀርባት አሳዩ። የንጉሡም ክፍል ለስትሮድ ተሰጠ። ነገር ግን በዚያው ፊልም ውስጥ ስትሮድ ሌላም ክፍል ነበረው፤ ሙሴን ከወንዝ ያወጣችውን የፈርዖንን ልጅ በወንበር ከሚሸከሙት ባሪያዎች አንዱ እርሱ ነው። አንድ ሰው በአንድ ፊልም ውስጥ በአንድ በኩል የኢትዮጵያ ንጉሥ፥ በሌላ በኩል ወንበር ተሸካሚ ሆነ። የስትሮድን የሲኒማ ኑሮ ባጭሩ የሚገልጽ ከዚህ የተሻለ ምሳሌ አላገኘሁም።

ሦስቱ ዓመታት

ከ1959 እስከ 1962 ዓ.ም. ያለው ጊዜ የስትሮድ ምርጥ ዘመን ነው። በ1959 ዓ.ም. ፖርክ ቾፕ ሂል በተባለው የኮርያ ጦርነት ፊልም ውስጥ፥ መዋጋት የማይፈልግ ወታደር ሆኖ ተጫወተ። ወታደሩ ፈሪ ይመስላል፤ ነገር ግን በአገሩ የሰው ክብር ያላገኘ ሰው ለሩቅ አገር ኮረብታ ለምን እንደሚሞት የሚጠይቅ ሰው ነው። ፊልሙ የተወሰደበት የማርሻል መጽሐፍ በዚያው ግንባር ስለ ተዋጉት ስለ ቃኘው ሻለቃ ወታደሮቻችንም በሰፊው ይተርካል፤ ፊልሙ ግን የአሜሪካኖችን ውጊያ ብቻ ይዞ የእኛዎቹን ሳያነሣ አልፏል። የጎላ ሥራ ሠርቶ በስም አለመጠራት በተዋናይ ላይ ብቻ የሚደርስ ነገር እንዳልሆነ ከዚህ ይታያል።

በ1960 ዓ.ም. ታላቁ የፊልም ሠሪ ጆን ፎርድ ሳጅን ሩትሌጅ የተባለውን ፊልም ሠራ። ታሪኩ ከአሜሪካ የርስ በርስ ጦርነት በኋላ ስለ ተቋቋመው፥ ወታደሮቹ ጥቁሮች ስለ ሆኑበት ስለ ዘጠነኛው ፈረሰኛ ጦር ነው። ሳጅን ሩትሌጅ ባላደረገው ግፍ ተከሶ በጦር ፍርድ ቤት ይቆማል፤ ነጭ ሴት ልጅ ደፍሯል፥ አባቷንም ገድሏል ይሉታል። ምስክሮቹ እየተናገሩ እውነቱ ቀስ በቀስ ይወጣል፤ በመጨረሻም ወንጀለኛው ሌላ ሆኖ ይገኛል። ስቱዲዮው ለዚህ ክፍል የበለጠ ስም ያለው ተዋናይ ፈልጎ ነበር፤ ፎርድ ግን ስትሮድን መረጠ። ስትሮድ በጥይት መካከል በፈረሱ ወንዝ ሲሻገር የሚታይበትን ቦታ እስከ እርጅናው ድረስ በኩራት ያነሣው ነበር፤ ያን ወንዝ ሲሻገር ወገኖቹን ሁሉ ተሸክሞ የተሻገረ መስሎ ተሰምቶት ነበርና። የታሪኩ ባለቤት እርሱ ሳለ ግን በፊልሙ ማስታወቂያ ላይ የሌሎች ስም ከስሙ ቀድሞ ተጻፈ።

በዚያው ዓመት ስፓርታኩስ ወጣ። ይህ ፊልም ከክርስቶስ ልደት በፊት በ73 ዓመት በሮማ ላይ ስለ ተነሡት ባሪያዎች የሚናገር ነው። ስትሮድ የተጫወተው ድራባ የተባለውን ኢትዮጵያዊ ታጋይ ነው፤ ስለዚህ ለሁለተኛ ጊዜ የእኛን አገር ስም ይዞ ቆመ። ባሪያዎቹ ለጌቶች መዝናኛ እርስ በርስ እንዲገዳደሉ የሚሠለጥኑ ናቸው። ድራባ ለስፓርታኩስ ስሙን እንኳ ለመንገር እምቢ ይላል፤ ነገ ሊገድለው የሚገባውን ሰው ወዳጅ ማድረግ አይፈልግምና። የፈራው ቀን ደረሰ። ከሮማ የመጡ መኳንንት ሁለት ጥንድ እስከ ሞት ድረስ ይዋጉልን ብለው አዘዙ፤ ድራባና ስፓርታኩስም ተጣመሩ። ድራባ በመረብና ሦስት ጫፍ ባለው ጦር ተዋግቶ ስፓርታኩስን አሸነፈው፤ ጦሩንም በጕሮሮው ላይ አኖረ። መኳንንቱ ግደለው ሲሉ፥ ድራባ ጦሩን አነሣና ወደ እነርሱ ወረወረው፤ ተከትሎም ወደ ተቀመጡበት ሰገነት ዘለለ። በዚያው ተገደለ። ሬሳውም ለሌሎቹ መቀጣጫ ተዘቅዝቆ ተሰቀለ። ባሪያዎቹ ያን እያዩ ዋሉ፤ ጥቂት ቈይቶም ዐመፁ ተነሣ።

የፊልሙ ርዝመት ከሦስት ሰዓት በላይ ሲሆን ስትሮድ የሚታየው ለጥቂት ደቂቃ ነው፤ የሚናገረውም ጥቂት ቃል ነው። ነገር ግን ድራባ ጦሩን ባይወረውር ኖሮ ቀሪው ታሪክ አይኖርም ነበር። በዚህ ሥራው ስትሮድ ለጎልደን ግሎብ ሽልማት ከታጩት አንዱ ሆነ። ከሠራቸው ሁሉ ይልቅ እኔን የነካኝ ይህ ነው፤ ሲወረውር ሳይሆን፥ ከመወርወሩ በፊት ጦሩን በወዳጁ ጕሮሮ ላይ ይዞ ዝም ብሎ የቆመባት ያች ቅጽበት። በፊቱ ላይ አንድ ሰው ሕይወቱን ሲወስን ይታያል፤ ቃል ግን የለም።

በ1962 ዓ.ም. ደግሞ ጆን ፎርድ ሊበርቲ ቫላንስ ስለ ተባለ ወንበዴ አገዳደል በሠራው ፊልም ውስጥ፥ ጆን ዌይን የተጫወተው ሰው ረዳት የሆነውን ፖምፒን ተጫወተ። እኛ ተማሪዎች ልናስበው የሚገባ አንድ ትዕይንት በዚህ ፊልም አለ። ፖምፒ ትልቅ ሰው ሳለ ከሕፃናት ጋር በትንሽ ክፍል ተቀምጦ ይማራል። መምህሩ ስለ አሜሪካ የነጻነት አዋጅ ሲጠይቀው ቆሞ መመለስ ይጀምራል፤ ሰዎች ሁሉ እኩል ሆነው ስለ መፈጠራቸው የሚናገረውን ቃል ግን ይረሳዋል። መምህሩም ያን ክፍል የሚረሱት ብዙዎች እንደ ሆኑ ይነግረዋል። ያን ጊዜ በአሜሪካ ጥቁሮች ለእኩልነት በየአደባባዩ ይሰለፉ ስለ ነበረ፥ ትዕይንቱ ስለ ጥንት ዘመን ብቻ የተነገረ አልነበረም።

ከዚህ በኋላ ያለው ሥራው

ከዚህ ወዲያ ያሉትን ፊልሞች ሁሉ ብዘረዝር ገጹ አይበቃኝም። በ1966 ዓ.ም. ፕሮፌሽናልስ በተባለው ፊልም ከበርት ላንካስተርና ከሊ ማርቪን ጋር ቀስት ወርዋሪ ሆኖ ሠራ። ለጆን ፎርድ ሌሎች ሥራዎች አንድ ጊዜ የኮማንቺ ሕንድ፥ አንድ ጊዜም የሞንጎል ተዋጊ ሆነ። በቴሌቪዥንም ሮሃይድና ታርዛን በተባሉት ተከታታይ ታሪኮች ውስጥ ታየ። በ1968 ዓ.ም. ወደ ጣልያን ሄደና የኮንጎውን መሪ የፓትሪስ ሉሙምባን መከራ የሚያስታውስ ፊልም መሪ ተዋናይ ሆነ። በአገሩ ለረጅም ዘመን ያላገኘውን የመጀመሪያ ስፍራ የሰጠው የውጭ አገር ነው።

በዚያው ዓመት በሰርጅዮ ሊዮኔ ፊልም መክፈቻ ላይ፥ በበረሃ መካከል ባለ የባቡር ጣቢያ ሰው ለመግደል ከሚጠብቁት ሦስት ሰዎች አንዱ ሆነ። ከላይ ውኃ በራሱ ላይ ይንጠባጠባል፤ እርሱ ግን ከቦታው አይነሣም። ባርኔጣውን ይደፋና ጠብታው በባርኔጣው ክፈፍ ላይ እስኪጠራቀም ይጠብቃል፤ በመጨረሻም ውኃውን ይጠጣዋል። ወዲያው ባቡሩ መጥቶ ሦስቱም ይሞታሉ። ስትሮድ በዚያ ፊልም ውስጥ አንድ ቃል ሳይናገር ከፊልሙ ወጣ፤ ፊልሙን ያየ ሰው ሁሉ ግን ያን ባርኔጣ አይረሳም።

ጆን ፎርድ በ1973 ዓ.ም. በታመመ ጊዜ ስትሮድ ወራት ሙሉ ከቤቱ ሳይለይ አስታመመው፤ እስኪሞትም ድረስ ከአልጋው አጠገብ ነበረ። ሚስቱ ሉአና በ1980 ዓ.ም. ዐረፈች፤ ከእርስዋ አንድ ወንድና አንዲት ሴት ልጅ ወልዶ ነበር። እርሱም በ1990 ዓ.ም. የሕይወቱን ታሪክ በመጽሐፍ አሳተመ። በ1994 ዓ.ም. በዲሴምበር 31 ቀን በሰማንያ ዓመት ዕድሜው በካሊፎርኒያ ዐረፈ። የመጨረሻው ፊልሙ የወጣው ከሞተ በኋላ በ1995 ዓ.ም. ነው፤ በዚያም የተጫወተው የሬሳ ሣጥን ሠሪ ሆኖ ነው። ፊልሙም ለመታሰቢያው ተሰጠ። በዚያው ዓመት በወጣው ቶይ ስቶሪ በተባለው የሕፃናት ካርቱን ፊልም ውስጥ ያለው ዉዲ የተባለው አሻንጉሊት ስሙ የተወሰደው ከእርሱ ነው። ታናናሽ ወንድሞቻችንና እኅቶቻችን የሚያውቁት ያ ስም የማን እንደ ሆነ ግን አይነገራቸውም።

ከታሪኩ የምንማረው

ስለ ስትሮድ መልካሙን ብቻ መናገር ተገቢ አይሆንም። አፍሪካን እንደ ዱር አድርገው ባሳዩ ፊልሞች ውስጥ ጦር ይዞ ቆሟል፤ እምቢ ማለት ይችል ነበር የሚሉ አሉ። በዚያው ዘመን ሲድኒ ፖይቲየር ክብርን የሚነካ ክፍል አልቀበልም እያለ በ1964 ዓ.ም. የኦስካርን ሽልማት ለማግኘት በቅቷል። እኔም ይህን አስቤበት ነበር። ነገር ግን ሁለት ነገር መለየት ያስፈልጋል ብዬ አምናለሁ። ክፍሉን ትንሽ ያደረገው ስትሮድ አይደለም፤ የዘመኑ አድልዎ ነው። ለዚህም ማንም ሰው ትንሽ ስለ ተሰጠህ ደስ ይበልህ ብሎ ሊያስተምረን አይገባውም። በተሰጠው ትንሽ ቦታ ላይ እንዴት እንደ ቆመ ግን የራሱ ነው። ወንበር ሲሸከምም ሆነ ንጉሥ ሲሆን የቆመው በአንድ ዓይነት ክብር ነው።

በአገራችንም ወጋየሁ ንጋቱ የሐዲስ ዓለማየሁን ፍቅር እስከ መቃብር በሬዲዮ ሲተርክ፥ በዛብህንና ሰብለ ወንጌልን ብቻ ሳይሆን በመንገድ የሚያልፈውንም ሰው በየድምፁ ሕይወት ይሰጠው እንደ ነበረ ወላጆቻችን ያውቃሉ። ታሪክ የሚጸናው እንደነዚህ ባሉ ሰዎች ነው።

በመጨረሻ ስለ ራሴ አንድ ነገር ልጨምር። በቴያትር ክበባችን ባሳየነው ቴያትር ለእኔ የደረሰኝ የበር ጠባቂ ክፍል ነበረ፤ አንድ ቃል እንኳ የለበትም። መጀመሪያ አፈርሁ፤ ወላጆቼም እንዳይመጡ አሰብሁ። በኋላ ግን ያን ባርኔጣና ያን የተወረወረ ጦር አስታውሼ ነገርኋቸው። አርባ ደቂቃ ያህል በር ላይ ቆምሁ። እግሬ ደንዝዞ ነበር፥ ዝንብም በግምባሬ ላይ አርፎ ነበር፤ አልተንቀሳቀስሁም። አያቴ ከፊተኛው ወንበር ተቀምጠው ነበር። ቴያትሩ ሲያበቃ ስለ ዋናው ተዋናይ ምንም አልጠየቁኝም፤ ያ በር የምጠብቀው ማንን ይዞ እንደ ነበረ ጠየቁኝ። እኔም ስለ ውዲ ስትሮድ ያወቅሁትን ሁሉ በዚያ ሌሊት ነገርኋቸው።